ማን ይደብቀኛል?

ጋሽ ደምሴ በምን ሞቱ ለሚል ሰው የመንዟ ከተማችን መሐል ሜዳ ሁለት መልስ አላት። የሐኪም ቤቱ መልስ ልብ ነው። የከተማው መልስ እትዬ ትርንጎ ናቸው።

የእድሩ ጡሩምባ ሲነፋ የቤተ መጻሕፍቱን በር ልከፍት ቁልፍ እያዞርኩ ነበር። «ጋሽ ደምሴ አረፉ» ሲባል ወዲያው አላለቀስኩም። መጀመሪያ ትዝ ያለኝ ያልመለሱት መጽሐፍ ነው። የመመለሻው ቀን ካለፈ ሰንብቷል። በጠየቅኋቸው ቁጥር፣ «ሰዎቹ ገና ጣራ ሥር ናቸው፤ ሳይወጡ እንዴት ልመልስልሽ?» ይሉኝ ነበር። ሰዎቹ የመጽሐፉ ሰዎች ናቸው። ይህን ካስታወስኩ በኋላ ነው በሩን መልሼ ቆልፌ ደረጃው ላይ ተቀምጬ ያለቀስኩት።

ጋሽ ደምሴ የታሪክ መምህር ነበሩ። ግማሹን ከተማ አስተምረዋል። እኔን ያስተማሩኝ በማታው ክፍል ነው፤ እኩዮቼ ልጆቻቸውን ትምህርት ቤት በሚያደርሱበት ዕድሜ እኔ ደብተር ይዤ የምገባ ነበርኩ። ጡረታ ሲወጡ እኔ ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ ተቀጥሬ ስለነበር፣ ከሰዓት በኋላ እየመጡ መስኮቱ ሥር መቀመጥ ጀመሩ። የሱፍ ባናቸውን እስከ ጆሯቸው ይከናነባሉ። ገጽ ሲገልጡ ጣታቸውን በምራቅ ያርሳሉ። «ጋሼ፣ ምራቅ!» እላለሁ። «በዚህ ምራቅ የታረመ ፈተና ስንቱን ለወግ አብቅቷል» ይላሉ። መጽሐፉ ውስጥ ሰው ሲሞት ባርኔጣቸውን ያወልቃሉ። አንዳንድ ቀን ባርኔጣው ከጉልበታቸው ሳይነሳ ይመሽ ነበር።

ነገሩ የመጣው በካርቶን ነው። ቤተ መጻሕፍቱ ለተማሪዎች የኬሚስትሪና የሒሳብ መጽሐፍ እንዲላክለት ውጭ አገር ያሉ በጎ አድራጊዎችን ጠይቆ ነበር። ብዙ ከቆየ በኋላ ካርቶኑ ደረሰ። ኬሚስትሪ የለም። ሒሳብ የለም። ከላይ እስከ ታች ልብ ወለድ ነው፤ ሁሉም በእንግሊዝኛ፣ ሁሉም በዚያ በትልቁ የአውሮፓ ጦርነት ከናዚ ስለሚሸሹና ስለሚደበቁ አይሁድ። የሆነች ደግ ሴትዮ የሆነ አገር መደርደሪያዋን አራግፋልን መሆን አለበት። ሽፋናቸው ሁሉ የአንድ እናት ልጅ ነው፦ አንዲት ሴት ጀርባዋን ሰጥታ፣ ሻንጣ አንጠልጥላ በባዶ መንገድ ትሄዳለች፤ ከላይ አውሮፕላን ይበራል። ፊቷን ያሳየች አንድም የለችም። ርዕሶቻቸውም ስለሚመሳሰሉብኝ በካፖርታቸው ለይቼ ደረደርኳቸው፦ ቀይ ካፖርት፣ ሰማያዊ ካፖርት፣ ካፖርት የሌላት። የሙያ ነውር መሆኑን አውቃለሁ።

«ኬሚስትሪ ብንጠይቅ ይህን ላኩብን» እያልኩ ሳማርር ጋሽ ደምሴ አንዱን ገለጥ አድርገው እዚያው ቆመው ቀሩ። በማግስቱ ዓይናቸው ቀልቶ መጡ።

«ይህን ጦርነት ዕድሜዬን ሙሉ አስተምሬዋለሁ» አሉ። «መንስኤው፣ ሂደቱ፣ ውጤቱ። ውስጡ ሰው እንዳለበት ግን አላስተማርኳችሁም።»

ከዚያ ወዲያ ለብቻ ማንበብ አልበቃቸውም። እንግሊዝኛውን እያዩ በአማርኛ ጮክ ብለው ይተርኩ ጀመር። «ዝምታ ይከበር» የሚለውን ማስታወቂያ በጥሩ እጅ ጽፌ የለጠፍኩት እኔ ነኝ፤ የሚተርኩት እሱኑ ተደግፈው ነው። አድማጩ ጡረተኛው፣ ፍርድ ቤት ቀጠሮ የተለወጠበት ባለጉዳይ፣ በአጠቃላይ ከብርድ የሸሸ ሁሉ ነው። ዝም ብሎ የሚያዳምጥ ሕዝብም አልነበረም።

«እሺ፣ ገበሬው ያን ሁሉ ነፍስ ጣራ ሥር ደበቀ። ውሻውንስ ምን አደረገው?» አሉ አንድ ቀን ከገጠር የመጡ ባለጉዳይ።

«የምን ውሻ?»

«የገበሬ ቤት አይደለም እንዴ? እንግዳ ጣራ ሥር ሲንኮሻኮሽ ውሻ ዝም ይላል?»

«መጽሐፉ ውሻ አለው አይልም።»

«እንግዲያው የጻፈው ሰው ገበሬ አያውቅም።»

ከጎናቸው ያለው ደግሞ ሌላ ጭንቀት ነበረበት። «ግን ለምን ወደ ጓሳ ወጥተው ሣሩ ውስጥ አይደበቁም?»

«ፖላንድ ነን እኮ፣ አባቴ!»

«ፖላንድ ጓሳ የላትም?»

«የላትም።»

«ወይ መከራ!» አለ ሰውየው ራሱን እየነቀነቀ። ለአይሁድ ከልቡ ያዘነላቸው ያን ጊዜ ነው።

የደብሩ መሪጌታ ሐዲስ ግን መጀመሪያ ተቆጥተው ነበር የመጡት። «ደምሴ፣ በስቅለት የሚነበበውን ረሳኸው? ለአይሁድ ሆነ ባርኔጣ የምታወልቀው?»

«አልረሳሁም፣ መሪጌታ። እመቤታችንስ የማን ዘር ናት?»

መሪጌታ ጢማቸውን አሻሹ። «እሱስ…» ብለው ወንበር ሳቡ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ከሁሉም ቀድመው የሚገኙት እሳቸው ሆኑ።

ጋሽ ደምሴን ከተማው የሚያስታውሳቸው ግን በትረካው ሳይሆን በጥያቄያቸው ነው። ብዙ ካነበቡ በኋላ ያገኙትን ሰው ሁሉ ክንዱን ይዘው፣ «ቢመጡብኝ ትደብቀኛለህ?» ይሉ ጀመር። ማን ነው የሚመጣብዎት የሚላቸው የለም፤ ቢል እንኳ አይመልሱም። መልሱን ሰምተው ከመነጽራቸው በላይ አሻግረው አይተው ፍርድ ይሰጣሉ፦ «ይደብቃል» ወይም «ያስይዛል»። ይግባኝ የለውም።

የወፍጮ ቤቱ ባለቤት፣ «ለስንት ቀን?» አላቸው። ያስይዛል ተባለ።

መሪጌታ፣ «በጾም ነው በፍስክ? ስንቁ ይለያያላ» አሉ። «ይደብቃሉ፤ ግን ማኅሌት ላይ በዜማ ያወጡታል» ተባለ።

እኔን ሲጠይቁኝ፣ «የቤተ መጻሕፍቱ አባል ነዎት?» አልኳቸው። ሳቁ። «አንቺስ ትደብቂኛለሽ፤ የመመለሻ ቀኔን ግን ግንባሬ ላይ ትመቺበታለሽ።»

«ሰው በበሩ ይታወቃል» ይሉ ነበር። እንዲህ እንዲህ እያለ ዳኛው፣ ነርሷ፣ የሚኒባስ ረዳቱ ሁሉ ተፈትኖ መሐል ሜዳ ለሁለት ተከፈለች። ከወደቁት መካከል የተከፉ ነበሩ፤ ዳግም ልፈተን ብሎ የመጣም አውቃለሁ።

ያልተጠየቀ አንድ ሰው ነበር።

እትዬ ትርንጎ ሸክላ ሠሪ ናቸው። የሸክላ ሠሪዎቹ ቤቶች ከከተማው ወጣ ብሎ፣ ከወንዙ ማዶ ዳገቱ ላይ ለብቻቸው ናቸው። በገበያ ቀን ድስቱንና እንስራውን በአህያ ጭነው መጥተው ከገበያው ጫፍ ይቀመጣሉ። እኛ አገር ሸክላቸውን እንገዛለን፤ እህላቸውን አንቀምስም። ቡዳ ናቸው፣ ዓይናቸው ሰው ይበላል ይባላል። እናት በአጠገባቸው ስታልፍ ልጇን በነጠላዋ ትሸፍናለች። ደግሞ የድሮ ቤተ እስራኤሎች ናቸው፣ ተደብቀው የሙሴን ሕግ ይጠብቃሉ፣ ቅዳሜ ከቤታቸው ጭስ አይወጣም ይባላል። ይህን ጋሽ ደምሴም ያውቁታል፤ የመንዝ ልጅ ሆኖ ያልሰማው የለም።

እትዬ ትርንጎ ከገበያ ሲመለሱ አህያቸውን አስረው ቤተ መጻሕፍቱ ደረጃ ላይ ያርፋሉ። በሩ ገርበብ ያለ ስለሆነ ትረካው ይሰማል። ውስጥ ያለው የመጠጥ ውሃ እንስራ የእሳቸው እጅ ሥራ ነው። ጋሽ ደምሴ ከዚያ እንስራ እየቀዱ፣ ጉሮሯቸውን እያረጠቡ፣ በሩቅ አገር ጎረቤት ጭስ አይቶ ስላስያዛቸው አይሁድ ይተርካሉ። እትዬ ትርንጎ ደጅ ተቀምጠው ይሰማሉ። ግቡ ያላቸው ሰው የለም።

ከዚያ ጦርነት መጣ። የኛው።

መጀመሪያ የደረሱት ተፈናቃዮች ናቸው። እኔ በካርቶኑ ሽፋኖች ስደተኛን ሁሉ ጀርባውን ሰጥቶ ሲሄድ ማየት ለምጄ ነበር። እነዚህ በፊታቸው ነው የመጡት። ሻንጣ የያዘች አላየሁም፤ ባና፣ ጄሪካን፣ ያዘለችው ልጅ፣ አንዷ ደግሞ የበር ቁልፍ ብቻ።

ለስንት ቀን ብሎ የወደቀው የወፍጮ ቤት ባለቤት መጋዘኑን ባዶ አድርጎ አስገባቸው። ማንም አልጠየቀውም። ሰዎቹ «የመሸብን እንግዶች ነን» አሉ፤ እሱ «ቤት የእግዚአብሔር ነው» አለ፤ አለቀ። በየበሩ እንዲሁ ሆነ። ጋሽ ደምሴ ግን ሥራ በዝቶባቸው ከቤት ቤት ይሮጣሉ።

«መጋረጃ ዝጉ! ድምፅ ቀንሱ! አንድ ሰው ደጅ ይጠብቅ!»

«ጋሼ» አለ ባለ ወፍጮው፣ «ከማን ነው የምደብቃቸው? አገሩን የሞሉት እነሱ ናቸው እኮ!»

ጋሽ ደምሴ ትንሽ ቅር አላቸው። በመጽሐፉ አንድ በር እስኪከፈት ሦስት ምዕራፍ ይፈጃል። እዚህ የወደቀ ተማሪ ሁሉ በአንድ ቃል በሩን ከፈተ።

የመድፉ ድምፅ ሲቀርብ ከተማው ራሱ መሸሽ ጀመረ። እኛ ዘገየን፤ ጋሽ ደምሴ መጻሕፍቱን ሳንደብቅ አንሄድም አሉ። እኔም እውነቱን ለመናገር አልተከራከርኩም። መሰላል አቁሜ የኮርኒሱን ሰሌዳ ነቀልኩ፤ እሳቸው ከታች ያቀብሉኛል፦ ቀይ ካፖርት፣ ሰማያዊ ካፖርት፣ ካፖርት የሌላት። ሁሉንም ጣራ ሥር አስገብተን ዘጋንባቸው። ከዚያ ወጣን። መኪና አልነበረም። ጉሙ ወርዶ አምስት እርምጃ ፊት አይታይም። የጋሽ ደምሴ ጉልበት ወንዙን እንደተሻገርን እምቢ አለ። መሸ። እግራችን ሥር የሸክላ ገል ተንኮሻኮሸ።

«ይህ የነማን ሰፈር ነው?» አሉ።

«ያውቁታል፣ ጋሼ።»

«አዎ፤ አውቀዋለሁ» አሉ። ከዚያ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣ «ቤቶች! የመሸብን እንግዶች ነን፤ አሳድሩን!»

«ቤት የእግዚአብሔር ነው» የሚል የሴት ድምፅ መጣ። በሩን የከፈቱት እትዬ ትርንጎ ናቸው። አወቁን። ከማን ሸሻችሁ፣ ለስንት ቀን ነው አላሉም። ውሃ አሙቀው የጋሽ ደምሴን እግር አጠቡ። ቀጥሎ የገብስ ቂጣ በሰፌድ ይዘው መጡ፤ ግን አላቀረቡም። እንደያዙት ቆሙ።

«ከኛ ቤት ይበላሉ?» አሉ።

ጋሽ ደምሴ ቆም አሉ። ረጅም ጊዜ አይደለም፤ አንድ ትንፋሽ ቢሆን ነው። ባርኔጣቸውን አወለቁ፤ የሞተ ሰው የለም። ከዚያ እጃቸውን ዘርግተው ቆረሱ፤ ለኔም ቆርሰው ሰጡኝ፤ አላመጡ፤ ዋጡ።

«ጨው ጎድሎታል» አሉ።

እትዬ ትርንጎ ሳቃቸው መጣ። «አሁንስ ተሻላቸው» አሉኝ።

እዚያች ቤት ሰነበትን። ጋሽ ደምሴ ዝም ማለት አይችሉምና በማግስቱ ጭቃ የሚያቦኩትን እትዬ ትርንጎን እያዩ እንዲህ አሉ፦ «እናንተ ቤተ እስራኤል ናችሁ ይባላል።»

«ማን ይላል?»

«ሰው።»

«ሰው ስለኛ ብዙ ይላል። ማታ ማታ ጅብ ትሆናላችሁም ይላል። ከሁለቱ የትኛውን አምነው ነው እዚህ ያደሩት?»

ጋሽ ደምሴ ፈተና ላይ እንደ ተያዘ ተማሪ አንገታቸውን ደፉ። ሌላ አልጠየቁም፤ እትዬ ትርንጎም ሌላ አልነገሯቸውም። ይልቅ የራሳቸው ጥያቄ ነበራቸው። «ያቺ በትረካዎ ከግድግዳው ውስጥ የተደበቀችው ልጅ፣ ወጣች? እኔ ሁልጊዜ ሳይመሽብኝ እሄዳለሁ፤ መጨረሻውን አልሰማሁም።»

እሱን እየተረኩላቸው ነው የታጠቁ ሰዎች የመጡት። ጠዋት ነው። መጀመሪያ የጫማ ድምፅ ገሎቹ ላይ፣ ቀጥሎ የመሣሪያ መንኳኳት። የማን ወገን እንደሆኑ ዛሬም አላውቅም። እትዬ ትርንጎ በዓይናቸው ወደ ጓዳ ጠቀሱን፤ ከትልቁ ጋን ኋላ ተጎነበስን። ስለ መደበቅ የተጻፈውን ሁሉ ያነበቡት ጋሽ ደምሴ፣ «ትንፋሽሽን በአፍንጫ ሳይሆን…» ብለው ሊያስተምሩኝ ጀመሩ። አፋቸውን በእጄ ያዝኩ። የታሪክ አስተማሪዬን።

«ማን አለ እዚህ?»

«ሸክላ ሠሪ ነኝ፣ ልጄ።»

«ከከተማ የሸሸ ሰው አስገብተሻል?»

«ግቡና እዩ።»

የበሩ መድረክ ላይ የጫማ ድምፅ ተሰማ። ከዚያ ሌላ ድምፅ ከኋላ፦ «ተው፣ አትግባ! ሸክላ ሠሪ ናት አለችህ እኮ።»

«ብትሆንስ? ምን ታደርገኛለች?»

«ተው አልኩህ! ዓይኗ ሳያርፍብህ ና ውጣ።»

ገሎቹ እየተንኮሻኮሹ ራቁ። ከጋኑ ኋላ ስንወጣ እትዬ ትርንጎ ጭቃቸው ላይ ተመልሰዋል። «አያችሁ» አሉ ቀና ሳይሉ፤ «ቡዳነቴ እንዲህ ሲቸግር ይጠቅማል።»

ጋሽ ደምሴ ቁጭ አሉ። «ይህ በመጽሐፉ የለም» አሉ።

«እርስዎ ደግሞ» አሉ እትዬ ትርንጎ፣ «ሲደበቁ አይናገሩ። ሲደበቅ የሚያስተምር ሰው አይቼ አላውቅም።»

ጦርነቱ ሲርቅ ተመለስን። የቤተ መጻሕፍቱ በር ተሰብሯል፤ ወንበሩ ግማሹ የለም። ኮርኒሱ ግን እንዳለ ነው። «ሰዎቹ ተርፈዋል!» ብለው ጮኹ ጋሽ ደምሴ፤ እኔም ዝምታ ይከበር አላልኩም።

ጥያቄያቸውን ከዚያ በኋላ ለማንም አላቀረቡም። ባለ ወፍጮው ናፍቆት ይሁን ቂም፣ «ጋሼ፣ ዛሬ አይፈትኑኝም?» ይላቸዋል። «ጥያቄው ስህተት ስለነበረ ተሰርዟል፤ ለሁላችሁም ሙሉ ነጥብ ተሰጥቷል» ይላሉ።

በገበያ ቀን ወንበራቸውን በሩ ላይ አድርገው፣ ግማሽ አካላቸው ውስጥ ግማሹ ደጅ ሆኖ ይተርካሉ። በሩ ቧ ብሎ ስለሚከፈት የመንዝ ብርድ ሁላችንንም ይገርፈን ነበር። እትዬ ትርንጎን ይግቡ ቢሏቸው፣ «እኔ ስገባ ሌላው ከሚወጣ እዚሁ ይሻለኛል» አሉ። ስለዚህ ጋሽ ደምሴ ወጡ። ደረጃው ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው፣ ገበያተኛው እያየ፣ የእትዬ ትርንጎን ቂጣ ይቆርሳሉ።

«ደምሴ፣ ዓይን ክፉ ነው» አሉ መሪጌታ በጆሯቸው።

«እውነት ነው፤ ገበያው ሁሉ ዓይኑን ተክሎብኛል።»

ከዚያ ታመሙ። ትንፋሽ እያጠራቸው ደረጃውን መውጣት ሲያቅታቸው ከተማው አልተደነቀም። «በላቻቸው፤ ብለን ነበር» አለ። ልጠይቃቸው የሄድኩ ቀን፣ «ሐኪሙ የልቤን ፎቶ አሳይቶኛል፤ እንደ አሮጌ ከረጢት ተለጥጧል። ሂጂና ለከተማው ንገሪልኝ» አሉ። እኔ ለከተማ የምናገር ሴት አይደለሁም፤ ግን ነገርኩ። «ሐኪም ቡዳ ያያል እንዴ?» አሉኝ።

እንግዲህ የቀብሩ ማግስት የለቅሶው ድንኳን ውስጥ ተቀምጠናል። ጎረቤት ለለቅሶው ቤት እህል ይዞ ይገባል፤ ሴቶቹ እየተቀበሉ ያቀርባሉ። እትዬ ትርንጎ በሸማ የተሸፈነ ሰፌድ ይዘው ገቡ። ወሬው ሁሉ ቀጥ አለ። ሰፌዱን ለመቀበል እጇን የዘረጋች ሴት የለችም። መሪጌታ መቋሚያቸውን እንደ አዲስ ነገር ይመረምሩታል። «በልታው ደግሞ ታበላናለች» አለ አንድ ድምፅ ከኋላ፤ ያልሰማ አልነበረም። እትዬ ትርንጎ ሰፌዱን አግዳሚው ጫፍ ላይ አስቀምጠው፣ ከድንኳኑ ምሰሶ አጠገብ ቆሙ። ማንም ቦታ አልለቀቀላቸውም።

ሰፌዱ እንደተሸፈነ ቢመለስ ከተማው ፍርዱን ሰጠ ማለት ነው፤ ከዚያ በኋላ ለእሳቸው ገበያ የለም፤ ደረጃም የለም።

ተነሳሁ። ሸማውን ገለጥኩት። ያው የገብስ ቂጣ ነው። እዚያ ቤት ስንት ቀን በልቼዋለሁ፤ ግን እዚያ ቤት ማንም አላየኝም። አሁን ድንኳኑ ሁሉ ያየኛል። እጄ ከቂጣው በላይ ቀረ።

እትዬ ትርንጎ ጠጋ አሉ። ለኔ ብቻ በሚሰማ ድምፅ፣ «አይዞሽ» አሉኝ፤ «እሳቸውም መጀመሪያ ቆም ብለው ነበር።»

ቆረስኩ፤ አላመጥኩ፤ ዋጥኩ። ከዚያ ሕይወቴን ሙሉ ሰውን ዝም በሉ ስል የኖርኩ ሴት፣ ድንኳኑ ጥግ ድረስ እንዲሰማ አድርጌ፣ «ጨው ጎድሎታል!» አልኩ።